ቦርድዎክ ኢምፓየር፣ ሲዝን አንድ፦ የገንዘብ ያዡ መዝገብ

ቦርድዎክ ኢምፓየርን የጀመረ ሰው ሦስተኛው ወይም አራተኛው ክፍል ላይ ቢሰለች አይፈረድበትም። የማፊያ ድራማ ነው ተብሎ የተቀመጠ ተመልካች የሚጠብቀው ተኩስ ነው፤ የሚያገኘው ግን ስብሰባ፣ የምርጫ ዘመቻ፣ የመንገድ ሥራ ውል፣ የሴቶች ማኅበር ንግግር፣ ከእጅ ወደ እጅ የሚያልፍ ፖስታ። ዋናው ባለታሪክ ናኪ ቶምሰን በአሥራ ሁለቱ ክፍሎች ውስጥ በገዛ እጁ አንድም ሰው አይገድልም። ሹመቱ በኒው ጀርሲዋ የባሕር ዳርቻ ከተማ፣ በአትላንቲክ ሲቲ፣ የአውራጃ ገንዘብ ያዥ ነው። ይህችን ሹመት ከመጀመሪያው ልብ ያለ ሰው ግን አይሰለችም፤ ሲዝኑ በሙሉ የሚራመደው በሂሳብ ነውና። ከሚሞቱት ሰዎች አብዛኞቹ የሚሞቱት የሆነ ቦታ የሆነ ሂሳብ ሳይዘጋ ስለቀረ ነው።

(ከዚህ በታች ያለው ታሪኩን እስከ መጨረሻው ክፍል ድረስ ይናገራል። ያላየ ሰው አይቶ ቢመለስ ይሻለዋል። ዓመቶቹም ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ድራማውን የፈጠረው ቴረንስ ዊንተር ነው። የመጀመሪያውን ክፍል ማርቲን ስኮርሴዚ ራሱ ያዘጋጀው ሲሆን ኤችቢኦ ላይ የወጣው ሴፕቴምበር 19 ቀን 2010 ነው። የመጨረሻው ክፍል ዲሴምበር 5 ወጣ። ታሪኩ የሚያርፍበት የአሜሪካ የአልኮል እገዳ በሕግ የተሻረው ዲሴምበር 5 ቀን 1933 ስለነበር ሲዝኑ የተዘጋው በ77ኛ ዓመቱ ዕለት ነው። ታስቦበት ይሁን በአጋጣሚ፣ ቀኑ አምሮበታል።

ስለ ሕጉ ጥቂት ማወቅ ብዙ ትዕይንቶችን ያፈታታል። አሥራ ስምንተኛው የሕገ መንግሥት ማሻሻያ የከለከለው አልኮል ማምረትን፣ መሸጥንና ማጓጓዝን ነው። መጠጣት በራሱ ወንጀል አልነበረም። ሕጉ ከጃንዋሪ 17 ቀን 1920 በፊት የገዛኸውን ቤትህ አስቀምጠህ ከመጠጣት አይከለክልህም፤ የመጀመሪያው ክፍል ላይ ሰው ሁሉ ሲጠጣና ሲያከማች የሚታየው ለዚህ ነው። ማስፈጸሚያው የቮልስቴድ አዋጅ ከግማሽ በመቶ በላይ አልኮል ያለውን መጠጥ በሙሉ ‹አስካሪ› ብሎ ስለመደበው ቢራም አልተረፈም። ለጸሎት የሚሆን ወይን ተፈቀደ። ሐኪም በማዘዣ የሚሰጠው ውስኪም ተፈቀደ፣ ለአንድ በሽተኛ በአሥር ቀን አንድ ፓይንት፣ ግማሽ ሊትር እንኳ የማይሞላ። ቀዳዳው ሲበዛ ወንፊት የሆነ ሕግ ነው።

ጠባቂዎቹም ጥቂት ነበሩ። ለመላው አሜሪካ መጀመሪያ ላይ የተመደቡት 1,500 ገደማ ናቸው፤ የሚተዳደሩትም በገንዘብ ሚኒስቴር ሥር ነው። እስከ 1927 ድረስ ቅጥራቸው ከመደበኛው የመንግሥት ሠራተኛ ፈተና ውጭ ስለነበር ፖለቲከኛው የወደደውን ያስገባ ነበር። በድራማው ወኪል ቫን ኦልደን ቢሮው የከተማዋ ፖስታ ቤት ውስጥ ነው፤ በአጠገቡ አንድ ረዳት፣ ሴብሶ፣ አለ። ያም ረዳት ተገዝቶ ኖሯል። ቫን ኦልደን ጨካኝ ሃይማኖተኛ ሆኖ ቢሳልም የብቸኝነቱ ምክንያት እዚህ ቁጥር ውስጥ አለ። ከበላዩ ያለው መሥሪያ ቤት ራሱ ሕጉ እንዲሠራ የፈለገ አይመስልም።

አሁን ወደ ጠርሙሱ። የናኪ ትርፍ ከየት እንደሚመጣ ድራማው በወጉ አያስረዳም፤ ጓዳውን አሳይቶ ያልፋል። ሂሳቡ ግን ቀላል ነው። ከባሕር የመጣ ጥሩ ውስኪ 50 በመቶ አልኮል አለው እንበል። በአንዱ ሊትር ላይ አንድ ሊትር 95 በመቶ አልኮል ይጨመርበታል። አሁን በሁለቱ ውስጥ ያለው ንጹሕ አልኮል 1.45 ሊትር ነው። ይህን ወደ 40 በመቶ ለማውረድ ጠቅላላው 3.6 ሊትር ገደማ እስኪሆን ውሃ ይገባበታል። ቀለሙ ስለሚሳሳ የተቃጠለ ስኳር ጠብ ይደረግበታል፤ ከዚያ አዲስ ጠርሙስ፣ የውሸት ሌብል፣ ቡሽ። 500 ሣጥን ገብቶ 1,800 ሣጥን ይወጣል። ሚኪ ዶይል በቀብር አስፈጻሚ ቤት ምድር ቤት፣ ከእሱም በኋላ የጥቁሮቹ ሰፈር አለቃ ቾኪ ዋይት በራሱ መጋዘን የሚሠሩት ይህንኑ ነው። ሰዎች አንድን መጋዘን ለመያዝ ሲሉ ለምን እንደሚጋደሉ የሚገባው ይህን ካሰሉ በኋላ ነው። መርከቡ ያመጣውን ከሦስት እጥፍ በላይ የሚያደርገው መጋዘኑ ነው።

የሚበላሸው ደግሞ ሁለተኛው ሊትር ላይ ነው። ንጹሕ አልኮል በቀላሉ አይገኝም፤ ለፋብሪካ የሚሸጠው አልኮል ደግሞ እንዳይጠጣ ሆን ተብሎ ሜታኖል ይጨመርበታል። ሜታኖል በ65 ዲግሪ አካባቢ ይፈላል፣ የሚጠጣው አልኮል በ78። ልዩነቱ በወረቀት ላይ በቂ ይመስላል፤ በምድር ቤት ጋን ግን ሁለቱ ተቀላቅለው ይወጣሉ፣ ዓይንን የሚያጠፋውም የቀረው ነው። መንግሥት በ1920ዎቹ አጋማሽ መርዙን እስከ 10 በመቶ ከፍ ያደረገበት ጊዜ ነበር፤ ሲዝን አንድ ግን በ1920 ስለሚያልቅ እዚያ አይደርስም።

ናኪ ራሱ ከዚህ ሁሉ እጁን የሚያርቅ ሰው ነው። ውስኪው ለእሱ ከቀድሞ ገቢዎች ላይ የተጨመረ አንድ መስመር ብቻ ነው። ታሪካዊው መነሻ ኢኖክ ‹ናኪ› ጆንሰን የአትላንቲክ ካውንቲ ገንዘብ ያዥ ነበር፤ ከዚያ በፊት ራሱ ሸሪፍ ነበር፣ አባቱም ሸሪፍ ነበር። ለምን ሸሪፍነት? በኒው ጀርሲ ወንጀል ለክስ ይበቃ አይበቃ የሚወስነውን ጁሪ የሚመርጠው ሸሪፉ ስለነበር ነው። ጁሪው የእናንተ ሰው ከሆነ ክስ የለም። በድራማው የናኪ ወንድም ኢላይ ሸሪፍ የሆነው ለጌጥ አይደለም፤ መዝጊያው እሱ ነው። በዚህ ላይ ሥራ የሚሰጠው ፓርቲው ነው፤ ሥራ ያገኘ ከደመወዙ ይመልሳል፣ መንገድ የሚሠራ ተቋራጭ ከውሉ ይመልሳል፣ ቁማር ቤቱ በየሳምንቱ ይከፍላል። የባሕር ዳርቻ ከተማ ደግሞ በክረምት ሥራ የለውም። ያን ጊዜ ከሰልና ምግብ የሚያከፋፍል ሰው በኖቬምበር ድምፅ ያገኛል። ዊንተር የባለታሪኩን የአባት ስም ወደ ቶምሰን የለወጠው በታሪክ እንዳይታሰር ነው፤ ይህን የፓርቲውን የፖለቲካ ማሽን ግን ብዙም አልነካውም።

ቾኪ ዋይትም በዚህ ሂሳብ ውስጥ ነው የሚነበበው። በ1920 ከአትላንቲክ ሲቲ 50,000 ገደማ ነዋሪ አንድ አምስተኛው ጥቁር ነበር፤ ሆቴሎቹን የሚያንቀሳቅሰው የእነሱ ጉልበት ነው፣ ምርጫውንም የእነሱ ድምፅ ያጋድለዋል። ናኪ ከቾኪ ጋር የሚደራደረው በደግነት አይደለም። ቾኪም ያውቃል፤ የሚሠራለት ወጣት መጋዘኑ ደጃፍ ላይ ተሰቅሎ ሲገኝ የመጀመሪያው ነገር የትርፉን ድርሻ መነጋገር ነው። የሚዘገንን ትዕይንት ነው። የሲዝኑን ጠባይ እንደዚያ አድርጎ፣ ያለምንም ርኅራኄ የሚያሳይ ሌላ ቦታ ግን የለም።

እዚህ ላይ ስለ ንግግር ማንሳት ግድ ይላል፤ የሲዝኑ ትልቁ ሀብት እዚያ ነውና። ናኪ ሲገባ የምናየው መጠጥ በሚጠሉ ሴቶች ፊት ቆሞ በ1888 ክረምት ቤተሰቡ አይጥ እየበላ እንዴት እንደተረፈ ሲያለቅስባቸው ነው። ወዲያው ከአዳራሹ ወጥቶ ታሪኩ ፈጠራ መሆኑን ለሹፌሩ ለጂሚ ያምናል። የኒው ዮርኩ ቁማርተኛ አርኖልድ ሮትስቲን ደግሞ አንድ የቢሊያርድ ኳስ ስለዋጠ ሰው ያወራል፤ ድምፁን ከፍ አያደርግም፣ መጠጥ አይቀምስም (እውነተኛው ሮትስቲንም አይጠጣም ነበር)፣ ወሬው ሲያልቅ ግን ሰሚው ላብ በላብ ነው። ሦስተኛው ተረት የቾኪ ነው፣ ክፍል አራት ላይ። የታሰረ የኩ ክለክስ ክላን መሪ ፊት ተቀምጦ አባቱ አናጺ እንደነበር፣ ለአንድ ነጭ ቤት ያማረ የመጻሕፍት መደርደሪያ እንደሠራ፣ ከዚያም እንዴት እንደሰቀሉት ይነግረዋል። ጨርቁን ዘርግቶ የአባቱን መሣሪያዎች ያሳየዋል። ማይክል ኬ ዊሊያምስ ይህን ሲናገር ካሜራው ብዙ አይንቀሳቀስም። የሚገርመው ሰውየው በግድያው እጁ አልነበረበትም፤ የገደሉት ዳለሲዮ የሚባሉት ወንድማማቾች ናቸው። ቾኪ በተሳሳተ ሰው ላይ እውነተኛ ታሪኩን አወራ፤ ናኪ ትክክለኛ ለሆኑ ሰሚዎች የውሸት ታሪኩን። የናኪው የምርጫ ድምፅ ያመጣል፣ የቾኪው ምንም አያመጣም።

ወደ ሂሳቡ ስንመለስ፣ ያልተዘጋው የመጀመሪያው መስመር ሃሞንተን ጫካ ነው። ጂሚ ዳርሞዲ ከጦርነት ተመልሶ የናኪ ሹፌር ሆኖ መቅረት አልፈለገም። ከቺካጎ ከመጣ አንድ ወጣት ጋር (አል ካፖን) ናኪ ለሮትስቲን የሸጠውን ጭነት ጫካ ውስጥ ይጠብቃሉ። ዕቅዱ ዝርፊያ ብቻ ነበር፤ በድንጋጤ ተተኮሰ፣ ሰዎች ሞቱ። ከዚያ አንድ በአንድ ቁጠሩ። ጥፋቱን የሚሸከም ሰው ስላስፈለገ ሚስቱን የሚደበድበው ሃንስ ሽሮደር ተገድሎ ወንጀሉ ተለጠፈበት፤ ማርጋሬት መበለት ሆነች፣ ናኪ ሕይወት ውስጥም ገባች። ሮትስቲን ጭነቱ ስለተወሰደበት ካሳ ጠየቀ፤ ሲከለከል ረዳቱን ሉቺያኖንና ዳለሲዮዎቹን አሰማራ። ጂሚ ከከተማ ሸሽቶ ቺካጎ ሄደ። ቫን ኦልደን ምስክር አገኘ፤ ሴብሶ ምስክሩን ገደለ፤ ቫን ኦልደን ሴብሶን ክፍል 11 ላይ በጥምቀት ስም ወንዝ ውስጥ አሰጠመው። አሥር ሰዓት ያህል ድራማ ከአንድ ሌሊት ዝርፊያ ተተረተረ። አንዳንዱ ክፍል የሚጎተት የሚመስለው ተመልካቹ ይህን ክር ሲለቀው ነው።

አንድ የመሣሪያ ነገር፦ በዝርፊያው የያዙት የአደን ጠመንጃ ነው። ብዙ ሰው ከዚያ ዘመን ጋር የሚያያይዘው ቶምሰን መትረየስ ገበያ ላይ የዋለው በ1921 ስለሆነ ሲዝኑ ያለ እሱ መቅረቱ ትክክል ነው። ጸጥታውም ከዚህ ይመጣል። ስለትና ሽጉጥ ሰውን ቀርበው እንዲገድሉት ያስገድዳሉ።

የቺካጎው ግማሽ የሚወደደው በሪቻርድ ሃሮ ነው። ክፍል ሰባት ላይ፣ በተመላሽ ወታደሮች ሆስፒታል፣ ጂሚ አጠገብ ይቀመጣል። ተኳሽ ነበር፤ የፊቱን ግማሽ ጦርነቱ ወስዶበታል፤ በዓይን መነጽር የተያዘ ጭምብል ያጠልቃል። እንዲህ ያለ ጭምብል እውነተኛ ነው። አሜሪካዊቷ ቀራጺ አና ኮልማን ላድ ፓሪስ ውስጥ በቀይ መስቀል ድጋፍ ለቆሰሉ ወታደሮች ትሠራ ነበር፤ የፊቱ ቅርጽ በጀሶ ይወሰዳል፣ ከእሱ ስስ የመዳብ ቅርፊት ይወጣል፣ ከዚያ በሰውየው የቆዳ ቀለም ይቀባል። ችግሩ ቆዳ ያረጃል፣ ቀለም ይላጣል፣ ጭምብል ደግሞ አይስቅም። ጃክ ሂውስተን ይህን ሁሉ በአንድ ዓይኑና በታፈነ ድምፁ ይጫወታል።

ካፖን በዚህ ሲዝን ገና ልጅ ነው። እውነተኛው ካፖን የተወለደው ጃንዋሪ 17 ቀን 1899 ነው፤ ሕጉ ሥራ ላይ በዋለበት ዕለት 21 ዓመት ሞላው ማለት ነው። ሲዝኑ ሲወጣ የሚጫወተው ስቲቨን ግሬም 37 ነበር፤ ቢሆንም ያሳምናል፣ ምክንያቱም የሚጫወተው የልጅ ቀልድ የማይተወውን ሰው ነው። ክፍል አሥር ላይ አንድ አይሁዳዊ ሽማግሌ የልጆች ካፕ በማድረጉ ይገሥጸዋል። ከዚያ በኋላ ባርኔጣው ይለወጣል፣ አነጋገሩም።

ማርጋሬትን የሚያቃልል ተመልካች የሲዝኑን ግማሽ ያጣል። ክፍል አምስት ላይ ከቤቷ አጠገብ ባለ ጋራዥ ቢራ ሲራገፍ አየች፣ ለናኪ ነገረችው፣ ችላ አላት። በቅዱስ ፓትሪክ ዕለት ቫን ኦልደን የአይሪሾቹን ግብዣ ሰብሮ የገባው በእሷ ጥቆማ ነው። ክፍል ስምንት ደግሞ ቁልፉ ነው። ናኪ የሪፐብሊካን ጉባኤ ላይ ለመገኘት ቺካጎ ሄዶ ዋረን ሃርዲንግን ሲያስመርጥ ኢላይ ገንዘብ ሊሰበስብ ገብቶ ካዚኖ ውስጥ ተመታ። ናኪ በስልክ የለመነው ሰው ማርጋሬት ናት፤ ቢሮ ገብታ መዝገቡን እንድታወጣና እንድትደብቅ። ታወጣዋለች። ላለመክፈት ትታገላለች። ትከፍተዋለች። ኬሊ ማክዶናልድ ገጹን ስታይ ፊቷ ላይ የሚታየው ድንጋጤ ብቻ አይደለም፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ የቤቷ ኪራይ ከየት እንደሚከፈል ታውቃለች። ክፍል አሥር ላይ የምርጫ መብት ላገኙ ሴቶች ቆማ ስለ ናኪ እጩ ስትናገር፣ እያወቀች ነው የምትናገረው። ማሻሻያ አሥራ ዘጠኝ የጸደቀው ኦገስት 1920 ነውና ማሽኑ በሁለት ወር ውስጥ እሷን የመሰለ አንደበት ያስፈልገው ነበር።

ታሪክን ያጣመመበት ቦታም አለ። ቢግ ጂም ኮሎሲሞ የተገደለው ሜይ 11 ቀን 1920 ነው፤ ድራማው ወደ ጃንዋሪ ጎትቶ ከመጀመሪያው ክፍል ፍጻሜ ጋር አጣመረው። ሪትዝ ካርልተን ሆቴል የተከፈተው በ1921 ስለሆነ ናኪ በ1920 እዚያ ሊኖር አይችልም። እውነተኛው ጆንሰን ግዙፍ ሰው ነበር፤ ስቲቭ ቡሼሚ ቀጭን ነው፣ በዕድሜም ይበልጠዋል። በዚህ ምርጫ ብዙ ሰው አልተስማማም ነበር። ትከሻው ሰፊ የሆነ ናኪ ግን በጉልበቱ የሚፈራ ይሆን ነበር፤ ቡሼሚ መፈራት ያለበት በሚያውቀው ነገር ነው። ጆንሰን መጨረሻ ላይ የወደቀውም በደም አይደለም፤ በ1941 በግብር ስወራ ተፈረደበት። ሆቴሉ ዛሬም ቦርድዎኩ ላይ ቆሟል፣ የመኖሪያ ኮንዶሚኒየም ሆኖ። ከፊላደልፊያ ወይም ከዋሽንግተን በመኪና ወደ አትላንቲክ ሲቲ የሚወርድ አንባቢ ካዚኖ ከመግባቱ በፊት በእግሩ አልፎ ሊያየው ይችላል።

የምናየው ቦርድዎክ ግን እዚያ አልተቀረጸም። ብሩክሊን፣ ግሪንፖይንት ሰፈር፣ ባዶ ቦታ ላይ 90 ሜትር ገደማ የእንጨት መተላለፊያ ተሠራ፤ ሱቆቹ እውነተኛ ፊት አላቸው፣ በባሕሩ በኩል ግን ሰማያዊ ግድግዳ ነው። ማዕበሉና የሩቁ ሕንፃ በኮምፒውተር የተጨመረ ነው። ልብሱ ሌላ ዓይነት ትጋት አለው። የወንዶቹን ሱፍ የሰፋው የብሩክሊኑ ማርቲን ግሪንፊልድ ቤት ነው። የናኪን ኮሌታ እዩት፤ ከሸሚዙ ጋር የተሰፋ አይደለም፣ በስታርች ደርቆ ከፊትና ከኋላ በቁልፍ የሚያያዝ ነው። ጠዋት ለመልበስ ጊዜ ይፈጃል፣ አንገትም አያስጎነብስም። አቀማመጡ የሚያስጨንቅ የሚመስለው በከፊል ከዚያ ነው። በመጀመሪያው ክፍል ናኪ በመስኮት የሚያያቸው ያለጊዜያቸው የተወለዱ ሕፃናትም ፈጠራ አይደሉም፤ ‹ዶክተር› እየተባለ የሚጠራው ማርቲን ኩኒ ሕፃናቱን በማሞቂያ ሣጥን አድርጎ እያሳየ ከተመልካች በሚሰበስበው ገንዘብ ያሳክማቸው ነበር።

የሚነቀፈውን በአጭሩ። የዳለሲዮ ወንድማማቾች አይለያዩም፤ ስማቸውን ለመያዝ አትድከሙ። የናኪ ውሽማ ሉሲ የተሰጣት ልብስ ማውለቅ ብቻ ነው። ቫን ኦልደን ራሱን የሚገርፍበት ትዕይንት ሰውየውን ከማስረዳት ይልቅ አስገራሚ ያደርገዋል። የመግቢያው ሙዚቃ የእኛ ዘመን ሮክ ነው፤ ጠርሙሶቹ ወደ ዳርቻው ሲንሳፈፉ ካልለመዱት ያናድዳል።

የመጨረሻው ክፍል የምርጫ ሌሊት ነው፣ ኖቬምበር 2 ቀን 1920። ሮትስቲን ከቤዝቦል ጉቦ ጉዳይ ለማምለጥ የናኪን ፖለቲካዊ እጅ ይፈልጋል፤ ናኪ አንድ ሚሊዮን ዶላርና የዳለሲዮዎቹን አድራሻ ይጠይቃል። ተስማሙ፣ ወንድማማቾቹ በአንድ ቀን ተጠረጉ፣ ሃርዲንግ አሸነፈ። ሃሞንተን ተዘጋ። የቀረው ከሃሞንተን በፊት የተጻፈው መስመር ነው። ናኪ ወጣት ሳለ የ13 ዓመቷን ጂሊያንን (የጂሚን እናት) ከእሱ በፊት ከተማዋን ይገዛ ለነበረው ለኮሞዶሩ ያቀረባት እሱ ነበር፤ ከተማዋም ሹመቱም የመጣለት በዚያ መንገድ ነው፤ ጂሚ የተወለደውም ከዚያ ነው። ጂሚ ይህን ያወቀው ናኪ የሚከፍለውን ሁሉ ከፍሎ በጨረሰበት ሌሊት ነው። ኮሞዶሩ ከአርሴኒክ መርዙ እያገገመ ነው። ኢላይ ለምርጫው ሲባል ከሸሪፍነቱ ተነሥቶ መልሶ ቢሾምም አልረሳውም። ሦስቱ አንድ ክፍል ውስጥ ተቀምጠዋል፣ ሲዝን ሁለትም ከዚያ ክፍል ይነሣል።